ሁለት ጨረቃ ያለው ዓለም ላይ ሰው ቀን እንዴት ይቆጥራል? ለምጽፈው ፋንታሲ የዘመን አቆጣጠር እርዱኝ

የጅሬን ልጅ፦

ሰላም ቤተሰብ እንዴት ናቹ። ጅማ ነኝ፣ በአማርኛ ረዘም ያለ ፋንታሲ ልብወለድ እየጻፍኩ ነው። ታሪኩ ያለበት ዓለም ናሪት ይባላል፣ ሁለት ጨረቃ አለው፣ ትልቋ ከሙሉ እስከ ሙሉ 32 ቀን ይፈጅባታል ትንሿ 9 ቀን፣ ዓመቱ 400 ቀን ነው። 400ውን ለ10 ወር አካፍዬ ለያንዳንዱ ወር 40 ቀን ሰጠሁት፣ ሳምንቱን 8 ቀን አረግኩት 40 ለ8 ስለሚካፈል፣ ለወሩም ለቀኑም ስም አወጣሁ፣ ሰንጠረዥ ሰርቼ ግድግዳ ላይ ለጥፌዋለሁ፣ ልክክ ብሎ ይገጥማል።

ግን ምን መሰላቹ፣ ሰዎቹ አፍ ውስጥ ሲገባ ነፍስ የለውም። አንድ ቡና ለቃሚ ጓደኛውን «በሰልሞር ወር በ23ኛው ቀን እንገናኝ» ይለዋል። እንደዚ ሚያወራ ገበሬ አይታቹ ታውቃላቹ? ረቂቁን ያነበበችው ጓደኛዬ «ይሄማ መስከረም ጥቅምት ስሙ ተቀይሮ ነው» አለችኝ፣ ከዛ ወዲህ ሌላ ምዕራፍ መጻፍ ትቼ እሱን ነው ማስበው።

እኛ ራሳችን እኮ ስንት አቆጣጠር ይዘን ነው ምንኖረው። ስልኬ የፈረንጁን ያሳየኛል፣ ግድግዳው ላይ የኛው አለ፣ ጎረቤቶቻችን ረመዳን መቼ እንደሚገባ በሂጅራ ያሰላሉ፣ ከሰቃ ሚመጣው ገበሬ ደግሞ «ቡናው ሲቀላ» ብሎ ይቀጥርሃል፣ ማንም ደግሞ ግራ አይገባውም። ናሪት ላይ እንደዛ ያለ ነገር ነው ምፈልገው። ሂሳቡ ራሱ ልክ ነው ወይ? ልክ ከሆነስ አንባቢውን 3 ገጽ ሙሉ ሳላስተምረው እንዴት ነው ታሪኩ ውስጥ ማስገባው? ደግሞ አዲስ ወር ገባ ብሎ ሚያውጀው ማነው ሚሆነው፣ ንጉሡ ነው ካህኑ ነው ወይስ ማንም ቀና ብሎ ያየ? እባካቹ ያላቹን ጣል አርጉልኝ።

ፊዚክስ ከአጋሮ፦

ወንድሜ ሰላም ነው። ሂሳቡን ቁጭ ብዬ ሰራሁት፣ ያወጣሃቸው 3 ቁጥሮች በጣም ደስ ሚል ነገር ይዘዋል፣ 40ና 8 የሚባለው ክፍፍል ግን ሸፍኖብሃል።

ትልቋ ጨረቃ በዓመት 12 ጊዜ ተኩል ነው ምትሞላው፣ 400 ለ32። በ2 ዓመት ድፍን 25 ጊዜ። ስለዚህ በሷ ወር የሚቆጥር ሕዝብ ካለህ 12 ወሩ 384 ቀን ይሆናል፣ ከዓመቱ 16 ቀን ያጥረዋል። እኛም ጋ ያለው ነገር ይሄው ነው፣ የጨረቃ ወር 29 ቀን ተኩል ገደማ ነው 12ቱ ሲደመር 354፣ ከፀሐዩ ዓመት 11 ቀን ያህል ያንሳል። ሂጅራ እንዳለ ይተወዋል፣ ለዛ ነው ረመዳን በየዓመቱ ወደ 11 ቀን ገደማ ቀድሞ ሚመጣው። አይሁዶች ግን በ19 ዓመት ውስጥ 7 ጊዜ 13ኛ ወር እየጨመሩ ከወቅቱ ጋር ያስታርቁታል። ያንተዎቹም ወይ በየ2 ዓመቱ ወር ይጨምራሉ ወይ ይተዉታል። ከተዉት በዓሉ ወቅቱን ሁሉ ዞሮ በ24 ዓመት ቦታው ይመለሳል።

አሁን ሁለቱን አንድ ላይ እይ። 32ና 9 የሚገናኙት በ288 ቀን ነው። ማለት ሁለቱም ጨረቃ በአንድ ሌሊት ሚሞሉት በየ288 ቀኑ ነው፣ ዓመቱ 400 ስለሆነ ያቺ ሌሊት በየጊዜው ሌላ ቀን ላይ ታርፋለች፣ አንዳንድ ዓመት 1 ጊዜ አንዳንድ ዓመት 2 ጊዜ። ወደ መጀመሪያ ቀኗ ምትመለሰው ከ7200 ቀን በኋላ ነው፣ ልክ 18 ዓመት። በ18ቱ ውስጥ 25 ጊዜ ትመጣለች፣ 7 ዓመት ሁለቴ 11 ዓመት አንዴ። ይሄን እኮ ፈልጎ ሚያጣው ሰው አለ። ዓለምህ የራሱ 18 ዓመት ዑደት አለው በቃ።

ሳምንቱን ደግሞ 8 አታርገው፣ ትንሿ በየ9 ቀኑ እየሞላች ሰማይ ላይ እየታየች 8 ቀን ሚቆጥር ሕዝብ አይኖርም። ካለመታየት እስከ ሙሉ 4 ቀን ተኩል ብቻ ነው ሚፈጅባት፣ ሰው በዓይኑ በየማታው ስትለወጥ ያያታል፣ ሳምንትህ እሷው ናት።

የሰማዩንም ነገር ጠንቀቅ በል። ሙሉ ጨረቃ ማለት ከፀሐይ በተቃራኒ ያለች ማለት ነው፣ ስለዚህ ሁለቱም ሙሉ ከሆኑ ፀሐይ ስትጠልቅ በምሥራቅ በኩል ጎን ለጎን ነው ሚወጡት፣ አንዷ እዚ አንዷ እዚያ ብለህ እንዳትጽፍ። በ9 ቀን ምትዞረው ደግሞ ለምድሪቱ ቅርብ ናት፣ ርቀቷ ከሌላኛዋ ከግማሽ በታች ይሆናል፣ ስለዚህ የምር በጣም ትንሽ ካልሆነች ዓይን ላይ ከትልቋ ትገዝፋለች።

አንድ ነገር ልጨምር፣ ሰዓቱንም እንደኛ ከንጋት ጀምረህ ልትቆጥር ከሆነ መንግሥቱን ከምድር ወገቡ ብዙ አታርቀው። ጅማ ላይ በዓመቱ ረጅሙና አጭሩ ቀን ሚበላለጡት ከ1 ሰዓት ባነሰ ነው፣ ለዛ ነው 12 ሰዓት ሲነጋ 12 ሰዓት ሲመሽ ሚሰራልን። ሩቅ ሰሜን ብትወስደው ክረምትና በጋ የቀኑ ርዝመት እጥፍ ይለያያል፣ ያኔ ሌላ ዘዴ ያስፈልግሃል።

የሂርማታዋ፦

ልጄ እኔ አንባቢ ነኝ እንጂ ጸሐፊ አይደለሁም፣ ግን ሂርማታ ገበያ ብዙ ዘመን ነግጃለሁና ስለ ቀጠሮ አውቃለሁ። ለኛ ሳምንት ሚጀምረው ሐሙስ ነበር፣ ትልቁ ገበያ እሱ ስለሆነ፣ ሰኞ የመንግሥት ቢሮ ነው። ሰው ዱቤ ሲወስድ በቁጥር አይቀጥርህም። ክርስቲያኑ «ለሚካኤል» ካለህ 12 ነው፣ «ለመድኃኔዓለም» ካለህ 27 ነው፣ ሙስሊሙ ደምበኛዬ «ከኢድ በፊት» ይለኛል፣ ገበሬው «ቡና ልሽጥ» ይላል። ቁጥር ሚጠራው ወረቀት ላይ ፈርም ሲባል ነው፣ ወረቀት ላይ ፈርም ሚባለው ደግሞ መተማመን ሲጠፋ ነው። ይሄንን ልብ በል፣ በቁጥር ሚያወራ ሰው ታሪክህ ውስጥ ከገባ ወይ ጸሐፊ ነው ወይ ዳኛ ነው ወይ የተጣላ ሰው ነው።

ቡናው ራሱ ካላንደር ነው። በጋው ሊያልቅ ሲል የመጀመሪያው ዝናብ ጠብ ካለ በኋላ ያብባል፣ ጫካው ሁሉ ነጭ ይሆናል ሽታው አገር ያውዳል፣ ከዛ ፍሬው እስኪቀላ 8 እና 9 ወር ገደማ ይቆያል። ለቀማው ጥቅምት ኅዳር ታህሳስ ነው። ክረምት ላይ ቡናው ገና አረንጓዴ ነው፣ በቤት ያለው እህልም ያልቃል፣ ብድሩ ሚበዛው ያኔ ነው። ስለዚህ ገበሬ «አበባው ላይ የተወለደ» ወይ «በብድር ወራት የሞተ» ሲልህ ወሩን ነገረህ ማለት ነው። የናሪት ሰዎች ምን እንደሚያመርቱ ንገረን መጀመሪያ፣ ወራቱ ከዛ ይወጣሉ።

አገራችን ከተሞቹ ራሳቸው በገበያ ቀን ስም ወጥቶላቸው የለ እንዴ፣ ሐሙሲት አለ፣ ማክሰኚት አለ፣ አርብ ገበያ አለ፣ ሮቢት አለ። አንተ ገልብጠው። 9 ከተማ ይኑርህ፣ እያንዳንዱ በተራው ገበያ ይዋል፣ ነጋዴው ከአንዱ ወደ አንዱ ይዙር፣ የቀኑ ስም ደግሞ የከተማው ስም ይሁን። «ዛሬ ምንድነው?» ሲባል የከተማ ስም ይጠራል። አንድ ቀን ንጉሡ ከዘጠኙ አንዷን ከተማ ያቃጥላል እንበል፣ ያ ቀን ምን ተብሎ ይጠራል? ያቺ ከተማ የጠፋችበት ሰው በየ9 ቀኑ ስሟን ይሰማል። እኔ ብሆን ታሪኩን ከዛ ነው ምጀምረው።

ጨረቃዎቹንም ሕዝቡ ይሰይማቸው። ዝግ ብላ ምትሄደዋ ላሚቱ፣ ወዲያ ወዲህ ምትሮጠዋ ጥጃዋ። ሁለቱ ጎን ለጎን ሚሞሉባት ሌሊት ማጥቢያ ትባል።

የጅሬን ልጅ፦

እትዬ እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ላሚቱና ጥጃዋ ተወስዷል፣ ማጥቢያም ተወስዷል፣ የዘጠኙ ከተማ ነገር ደግሞ ሌሊቱን ሙሉ ሲያስጽፈኝ አደረ። ቲቸር እርስዎንም በጣም ነው ማመሰግነው፣ 18 ዓመቱን ወረቀት ላይ ሰርቼ አየሁት ድንቅ ነው።

ሦስተኛው ጥያቄ ግን አልተነካም። ማነው ሚያውጀው? ታሪኩ ውስጥ ተራራ ላይ ያለ ገዳም መሳይ ነገር አለ፣ የሰማይ ጠባቂዎች ይባላሉ። ክፉ ብቻ እንዲሆኑ አልፈልግም፣ ግን ሥልጣናቸው ከየት እንደሚመጣ በደንብ እንዲታይ እፈልጋለሁ።

ወንበርና አበቅቴ፦

ወንድሜ የባሕረ ሐሳብን ሥርዓት እይ፣ ቤተክርስቲያን አጽዋማትና በዓላት ምታወጣበትን ስሌት ማለቴ ነው፣ መልስህ እዛ አለ። ለምሳሌ 2018ን ውሰድ። 5500 ሲደመርበት ዓመተ ዓለሙ 7518 ነው። ለ4 ስታካፍለው 2 ይተርፋል፣ ዘመነ ማርቆስ። ለ19 ስታካፍለው 13 ይተርፋል፣ 1 ሲቀነስ ወንበሩ 12 ነው። 12 በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ (ለ30 ተካፍሎ ትርፉ ሲያዝ) አበቅቴው 12፣ 12 በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ መጥቅዑ 18፣ ሁለቱ ተደምረው 30 ይመጣሉ፣ ይሄ ማረጋገጫው ነው። መስከረም 18 እሁድ ዋለ፣ የእሁድ ተውሳክ፣ ማለት ለዕለቱ ሚጨመረው ቁጥር፣ 7 ነው፣ 18 ሲደመር 7 መባጃ ሐመሩ 25፣ ነነዌ ጥር 25 ገባ ማለት ነው። ከዛ 69 ቀን ቆጥረህ ፋሲካ ሚያዝያ 4። ይሄ ሁሉ ያለ ስልክ ያለ ወረቀት በቃል ሚሰራ ነው፣ የተማረው ሰው የፈለግከውን ዓመት ብትጠይቀው ይነግርሃል።

አሁን ሥልጣን የት እንዳለ ተመልከት። በዘመን መለወጫ ቀን ቤተክርስቲያን የዓመቱን አጽዋማትና በዓላት ታውጃለች፣ ገበሬውም ንጉሡም ቁጭ ብሎ ይሰማል። ንጉሡ ራሱ መቼ ሥጋ መብላት እንደሚያቆም ሚነግረው ከሱ በታች ያለ ሰው ነው። ጠባቂዎችህ ሰይፍ አያስፈልጋቸውም፣ ስሌቱን ስለሚያውቁ ብቻ ንጉሡ ቀኑን ከነሱ ነው ሚሰማው። ልብወለዱ ውስጥ ግን ስሌቱን ራሱን አታስገባ፣ እኔ አሁን እዚ እንዳረግኩት ብታረግ አንባቢ ገጹን ይዘልልሃል፣ ሚያሰላውን ሰው አስገባ። ከንፈሩ እየተንቀሳቀሰ ዓይኑን ጨፍኖ ቆይቶ ቀኑን ሲናገር ሰው ሁሉ ዝም ሲል እሱን ጻፍ።

ዓመቶቹንም ስም ስጣቸው። እኛ «ዘንድሮ ዘመነ ማነው» ብለን እንጠያየቃለን፣ ማቴዎስ ማርቆስ ሉቃስ ዮሐንስ እያለ በ4 ዓመት ይዞራል፣ ጳጉሜን 6 ምትሆነው በሉቃስ ማብቂያ ነው፣ ሕዝቡም የየዘመኑን ጠባይ ያወራል። ያንተም 18 ዓመቶች ስም ይኑራቸው፣ ማጥቢያ ሁለቴ ምትመጣባቸው 7ቱ ዓመታት ሌላ ጠባይ ይኑራቸው፣ ሰርግ ወደነሱ ይገፋ።

ሂላል ጠባቂ፦

አሰላሙ አለይኩም፣ ለሌሎቻችሁም ሰላም። የወንበርና አበቅቴ ሐሳብ ደስ ይላል ግን አንድ መንገድ ብቻ ነው፣ ስሌት። ሌላው መንገድ ዓይን ነው። ከረመዳን በፊት ያለው ወር ሻዕባን 29 ማታ ሰው ሁሉ ወደ ምዕራብ ይመለከታል፣ ጨረቃ ከታየች ነገ ረመዳን ነው፣ ካልታየች ሻዕባን 30 ተሞልቶ ከነገ ወዲያ ነው። ስለዚህ ያቺ አንድ ማታ ላይ ነገ ምን እንደሚሆን ሚያውቅ ሰው የለም፣ ሱሁር ይዘጋጅ አይዘጋጅ እናቶች ይጠባበቃሉ፣ ስልክ ይደወላል፣ «እነ እገሌ ጋ ታየች አሉ» ይባላል። ይሄ ስሜት ልብወለድ ውስጥ ቢገባ ሌላ ማስዋቢያ አያስፈልገውም።

ጅማ ደግሞ ደመና ነው፣ ክረምት ላይ የወጣች ጨረቃ ማየት ዕድል ነው። እና ናሪት ላይ ተራራው በዚ በኩል ደመና በዚያ በኩል ጥርት ያለ ሰማይ ይሁን። ማዶ ያሉት አይተው በዓል ጀመሩ፣ እዚ ያሉት አላዩም፣ አንድ ቀን ተበላለጡ። ሁለቱም እውነት ነው የያዙት። አንድ ምስክር መጥቶ አይቻለሁ ቢል ይታመናል ወይ? ሴት ብትሆን፣ ባሪያ ብትሆን፣ ከተቃጠለችው ከተማ የመጣች ብትሆንስ? ያቺን አንዲት ምስክር ዋና ገጸ ባህሪ አርጋት፣ ከጠባቂዎቹ ስሌት በአንድ ቀን ቀድማ አየች።

ሌላው፣ ቀን ሚጀምረው መቼ ነው? በኛ መግሪብ ላይ ነው፣ ሐሙስ ፀሐይ ከጠለቀች የጁምዓ ሌሊት ነው። ሰዓት ስንቆጥር ደግሞ ከንጋት እንጀምራለን፣ ስልኩ ከእኩለ ሌሊት ይጀምራል። ሦስቱም አንድ ሰው ኪስ ውስጥ አሉ። ሁለት ሕዝብ ካለህ አንዱ ከምሽት አንዱ ከንጋት ይጀምር፣ በሌሊት የተፈጸመ ግድያ በየትኛው ቀን ነው የተፈጸመው ሚለው ፍርድ ቤት ላይ ያከራክራቸዋል።

በጨረቃ ብቻ መቁጠርን ደግሞ እንደ ጉድለት አትየው። በዓሉ ወቅት ላይ ስላልታሰረ አንድ ሰው በዕድሜው ረመዳንን በክረምትም በበጋም በቡና ለቀማም ይጾመዋል፣ በ33 ዓመት ገደማ ይዞራል። ድሃ ገበሬ ሁሌ በብድር ወራት አይጾምም፣ ሀብታሙም ሁሌ በጥጋብ አይጾምም።

ጊቤ ማዶ፦

አካም ጅርቱ። እስካሁን የተባለው ሁሉ ጥሩ ነው፣ ግን ሁላችሁም ወርና ሳምንት የግድ እንደሆኑ አርጋቹ ነው ምታወሩት። የቦረና አቆጣጠር ውስጥ ሳምንት ሚባል ነገር የለም፣ «የወሩ 14ኛ ቀን» ማለትም የለም። 27 የቀን ስሞች አሉ፣ እያንዳንዱ ቀን የራሱ ስምና የራሱ ጠባይ አለው፣ ወሩ ግን 29 ወይ 30 ቀን ስለሆነ ስሞቹ አልቀው እንደገና ይጀምራሉ፣ ስለዚህ ሚቀጥለው ወር በሌላ ስም ነው ሚገባው። 12 ወር ነው ዓመቱ ወደ 354 ቀን፣ ወሮቹም ጨረቃዋ ከየትኛው ኮከብ ጋር እንደታየች ተብሎ ነው ሚለዩት፣ ሚያነቡትም አያንቱ ሚባሉ አዋቂዎች ናቸው። አስመሮም ለገሠ እ.ኤ.አ. በ1973 ባሳተሙት የገዳ ጥናት ውስጥ ጽፈውታል።

የዘመን ቁጥርም በሥልጣን ዘመን ነው፣ ገዳ በየ8 ዓመቱ ይረካከባል፣ ዘመኑ በአባ ገዳው ስም ይጠራል፣ «በእገሌ ገዳ ድርቅ ገባ» ይባላል። እኛ ጅማዎችም እኮ አያቶቻችን «በአባ ጅፋር ጊዜ» ሲሉ ዓመት መጥራታቸው ነው። ዳግማዊ አባ ጅፋር እ.ኤ.አ. ከ1878 እስከ 1932 ስለነገሡ ግን ያ «ጊዜ» 54 ዓመት ነው፣ ከ8 ዓመቱ ጋር አስተያየው፣ የትዝታው ስፋት ሌላ ነው።

ምለምንህ ግን፣ ከዚህ ተማር እንጂ ስሞቹን ቆርጠህ አትለጥፍ። እነዚህ ስሞች ዛሬም ሰው ልጁን ሚሰይምባቸው፣ ሰርግ ሚቆርጥባቸው ሕያው ነገር ናቸው። ከትንሿ ጨረቃህ 9 ስም ይበቅላል፣ ከትልቋ 32፣ የራስህን አብቅል። ለምሳሌ 9ኙ የከተማ ስሞች በ32ቱ ላይ ሲዞሩ ወሩ 3 ዙር ሄዶ 5 ቀን ይተርፈዋል፣ ስለዚህ ሚቀጥለው ወር 5 ከተማ አልፎ ነው ሚጀምረው፣ ሁሉም ከተማ ወር ሚከፍትበት ተራ ይደርሰዋል። የተቃጠለችው ከተማ ተራዋ ሲደርስ ወሩን ማን ይከፍታል?

ፊዚክስ ከአጋሮ፦

ጊቤ ማዶ ያልከው ልክ ነው፣ አሰላሁት፣ 9 ወር ሲሞላ ሁሉም ከተማ አንድ አንድ ጊዜ ከፍቷል፣ እሱም 288 ቀን ነው፣ ማጥቢያዋ ራሷ። ተመልሰን እሷ ላይ ወደቅን።

አሁን ስለ ጠባቂዎቹ አንድ ነገር አምጥቻለሁ። 400 በጣም ድፍን ቁጥር ነው፣ እውነተኛ ዓመት ድፍን አይሆንም። የኛው 365 ቀንና ሩብ ሊሞላ ጥቂት ሚጎድለው ነው፣ ሩቡን በ4 ዓመት አንዴ በጳጉሜን 6 እንከፍላለን፣ የምትጎድለዋን ጥቂት ግን አንቆጥራትም፣ በ128 ዓመት ገደማ 1 ቀን ትሆናለች። ፈረንጆቹ 2100 ላይ የካቲታቸውን 29 ስለማያደርጉ ከዛ በኋላ እንቁጣጣሽ ሴፕቴምበር 11 መሆኑ ቀርቶ 12 ይሆናል። የጥንት ግብፆች ደግሞ 365ን ይዘው ሩቡን ጭራሽ አልከፈሉም፣ አዲስ ዓመታቸው ወቅቱን ሁሉ ሲዞር ወደ 1460 ዓመት ፈጀበት።

የናሪት እውነተኛ ዓመት 400 ቀንና አንድ አምስተኛ ይሁን። ጠባቂዎቹ 400 ብቻ እየቆጠሩ 300 ዓመት ሄደዋል እንበል። 60 ቀን ተንሸራትቷል። የቀይ ፍሬ በዓል ሚከበረው ፍሬው ገና አረንጓዴ እያለ ነው። ገበሬው ያያል፣ ልጁ ያያል፣ ለበዓሉ ቀይ ፍሬ ይምጣ ሲባል የአምናው ደረቅ ቡና በቀለም ተነክሮ ይቀርባል።

ለምን አያስተካክሉትም? እዚ ጋ ነው ዋናው። በ5 ዓመት አንዴ 1 ቀን ከጨመሩ ወቅቱ ይታረቃል፣ ግን 18ቱ ዓመት 7200 መሆኑ ይቀርና ወደ 7203 ከምናምን ይሆናል፣ ማጥቢያዋ በ18 ዓመቷ ቀኗ ላይ አትመለስም። ትንቢቱም የነገሥታቱ መቃብር ላይ የተጻፈው ቀንም ሰርጉም ሁሉ በሷ ላይ ነው የቆመው። ወይ ሰማዩን ይዘህ ምድሩን ትለቃለህ ወይ ምድሩን ይዘህ ሰማዩን። ሁለቱንም በድፍን ቁጥር መያዝ አይቻልም፣ ይሄ የማንም ክፋት አይደለም የቁጥሮቹ ጠባይ ነው፣ ስለዚህ ጠባቂዎችህ ክፉ መሆን አያስፈልጋቸውም።

ወንበርና አበቅቴ፦

ቲቸር ይሄን ስላልክ ደስ ብሎኛል፣ ብዙ ጊዜ አቆጣጠር የማይቀይር ሰው እንደ ደንቆሮ ነው ሚሳለው። እ.ኤ.አ. በ1582 ሮም ላይ 10 ቀን ሲዘለል፣ ኦክቶበር 4 ባደሩ በማግስቱ 15 ሲሆን፣ ግማሹ አውሮፓ እንቢ አለ። እንግሊዝ እስከ 1752 ቆየች፣ ሩሲያ እስከ 1918። ሩሲያኖቹ የጥቅምት አብዮት ሚሉት በአዲሱ አቆጣጠር ኖቬምበር ላይ ነው የዋለው። ሰው እንቢ ሚለው ስሌቱ ስላልገባው ብቻ አይደለም፣ አባቱ የሞተበትን ቀን ማን አንስቶ ወደየት እንደሚያዛውርበት ስለሚጨንቀው ነው።

በተቃራኒው በችኮላ የቀየሩም አሉ። የፈረንሳይ አብዮተኞች በ1793 12 ወር ባለ 30 ቀን አርገው ትርፉን 5 ወይ 6 ቀን መጨረሻ ላይ አስቀመጡ፣ ከኛ ጋር አንድ ነው ማለት ይቻላል፣ ግን ሳምንቱን 10 ቀን ስላረጉት ሠራተኛው ከ7 ቀን አንዴ ያርፍ የነበረው ከ10 ቀን አንዴ ሆነበት፣ እሁዱም ተወሰደበት። ከ1806 መጀመሪያ ጀምሮ ተሽሯል። አዲሱ ንጉሥህ የከተማ ስሞቹን ከቀን ላይ ልፋቅ ብሎ ቢነሳ ገበያተኛው ምን እንደሚያደርገው ከዚህ ታየዋለህ።

የጅሬን ልጅ፦

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ፣ 40ና 8ቱ ከግድግዳው ወርዷል። ዘጠኙ ከተማ፣ ማጥቢያ፣ 60ው ቀን፣ ምስክሯ ልጅ፣ ሁሉም ይገባሉ። ጊቤ ማዶ ስሞቹን በሙሉ ራሴ ነው ማወጣቸው ቃሌ ነው። ያ ቀጠሮ የነበረበት ቦታ አሁን እንዲህ ሆኗል፦

«ገንዘቤን መቼ ነው ምትመልሰው?»

«ጥጃዋ ሁለቴ ትሙላ።»

«ባለፈውም ሁለቴ ትሙላ ብለህ ላሚቱ ሞልታ ጎደለች።»

«ፍሬው እንቢ አለኝ እኮ፣ በዓሉ አለፈ ፍሬው አረንጓዴ ነው።»

«እሱን ለጠባቂዎቹ ንገር፣ እኔ ያበደርኩህ አንተን ነው።»

የቀረችኝ አንድ ነገር ናት። ምስክሯ ልጅ 16 ዓመቷ ነው ብዬ ነበር የጻፍኩት፣ ይሄስ እንዴት ይባል? ሰዎቹ ዕድሜ በምን ይቆጥራሉ?

የሂርማታዋ፦

በማጥቢያ ነው እንጂ በምን ይቆጥራሉ ልጄ። እናት ስትወልድ ሰማዩን ታያለች። «ስንት ማጥቢያ አየሽ?» ተብላ ትጠየቅ። 18 ዓመት ሲሞላ 25 ማጥቢያ አይደል ቲቸር ያለው? ማጥቢያዋም ወደ መጀመሪያ ቀኗ ትመለሳለች። እንግዲህ 25 ያየ ሰው ለአካለ መጠን ደረሰ ይባል፣ ይመስክር፣ ያግባ፣ ይክሰስ። ልጅቷ 25 አልሞላትማ፣ ለዛ ነው ምስክርነቷን ሚጥሉት። ሴት መሆኗንና ከየት እንደመጣች ማንሳት ሳያስፈልጋቸው በሕግ ይጥሏታል።

ፊዚክስ ከአጋሮ፦

እትዬ በጣም ትክክል ነዎት። ወንድሜ 16ን ተጠንቀቅ፣ ያንተ ዓመት 400 ቀን ስለሆነ የናሪት 16 ማለት 6400 ቀን ነው፣ የኛ 17 ተኩል ዓመት። አንባቢው 16 ብሎ ልጅ አርጎ ያስባታል፣ አንተ ግን የደረሰች ልጅ ነው ምትጽፈው። 6400 ለ288 ሲካፈል 22 ማጥቢያ አይታለች፣ 25 እስኪሞላት የናሪት 2 ዓመት ይቀራታል። ጠባቂዎቹ ያንን 2 ዓመት ዝም በይ ካሏት፣ በነሱ 400 እየተቆጠረ በዓሉ ከፍሬው ገና ይርቃል፣ እሷ ደግሞ ያየችውን ጨረቃ ይዛ ትጠብቃለች። መጽሐፉ ስንት ዓመት እንደሚሸፍን ከፈለግክ ይኸው፣ 800 ቀን፣ 25 ላሚት።